አንድ ማሳ፥ ብዙ መዝገብ

ስለ መሬት የሚነሣው ክርክር በጎጃም ምድር እንዲህ የከበደበት ምክንያት ቢጠየቅ፥ ብዛቱ አንድ ነገር ሆኖ ሳለ፥ ከብዛቱ ይልቅ የሚያስጨንቀው አንዱ ሙግት ሳያልቅ ሌላው በላዩ እየተወለደ፥ ያው አንድ ማሳ በአንድ ወቅት በሁለትና በሦስት ችሎት እየተጠራ፥ ባለጉዳዩም ከብቸና ወይም ከሞጣ ወደ ደብረ ማርቆስ፥ ከደብረ ማርቆስ ወደ ባሕር ዳር፥ ከዚያም ዓባይን ተሻግሮ ወደ አዲስ አበባ ሲመላለስ ዕድሜው ማለቁ ነው። ይህን ያየ እንግዳ ጥፋቱን ሁሉ በባለጉዳዩ ላይ ጭኖ «የጎጃም ሰው ሙግት ይወዳል» ብሎ ያልፋል፤ በወንበር ላይ የተቀመጡትም አንዳንዴ ከዚህ ቃል አይርቁም። እኔ ግን ሕጉ ራሱ ለአንድ መሬት ስንት በር እንደ ከፈተ፥ በየበሩ የገቡት ክሶች ሲጋጩ ፍርድ ቤቶች ምን መሣሪያ እንዳላቸው፥ በመሣሪያውም እንዴት እንደሚሠሩ መመርመር ይበልጥ ይጠቅማል እላለሁ፤ ምክንያቱም ተደራራቢው ሙግት በአብዛኛው የበሮቹ ብዛት የወለደው ስለሆነ፥ መዝገብ በመዝጋት አይድንም፤ የሚድነው መዝገብን ከመዝገብ በማገናኘት ነው።

ነገሩን ከሥሩ ለመረዳት የቀድሞውን የርስት ሥርዓት ማስታወስ ግድ ነው። በጎጃም ርስት ማለት ምድሩን መጀመሪያ ካቀናው አባት የተወለደ ሁሉ በአባቱም በእናቱም በኩል ትውልዱን ቈጥሮ ድርሻዬን ስጡኝ የሚልበት መብት ነበረና፥ ስምንት ቅድመ አያቶች ያሉት ሰው በስምንቱም ሐረግ በየአገሩ ርስት ሊጠይቅ ይችል ነበር። አለን ሆበን የተባለው አሜሪካዊ ተመራማሪ በእኛ አቈጣጠር በ1950ዎቹ በደጋ ዳሞት ተቀምጦ ሥርዓቱን አጥንቶ፥ በ1973 እ.ኤ.አ. ባሳተመው መጽሐፍ ይህን የትውልድ ቈጠራ በሰፊው ያስረዳል፤ ከእርሱም የምንረዳው የርስት ሙግት የጠብ ምልክት ብቻ ሳይሆን ሰው በአገሩ ከፍ የሚልበት መንገድም እንደ ነበረ ነው። «ርስት በሺህ ዓመቱ ለባለቤቱ» የሚለው ብሂል የዚህ ሥርዓት አጥር ነው፤ መብት በጊዜ ብዛት አይሞትም፥ አንድ ጊዜ የተረታም ሰው ሌላ ምስክር ወይም ሌላ ቅድመ አያት ሲያገኝ ተመልሶ ይመጣል። ዘመናዊው ሕግ ደግሞ በተቃራኒው አንድ ጊዜ የተፈረደ ነገር ተመልሶ አይነሣ፥ በይርጋ ያለፈ መብትም አይጠየቅ ይላል። በብቸናና በሞጣ ችሎቶች የሚገናኙት እነዚህ ሁለት አሳቦች ናቸው፤ ፊተኛው በሕግ ቢረታም ከሰው ልብ ገና አልወጣም።

የዳኞቹም መዋቅር በዚያው ልክ ድርብ ድርብ ነበረ። ጭቃ ሹሙ፥ ምስለኔው፥ የወረዳውና የአውራጃው ገዢ ሁሉም አስተዳዳሪም ዳኛም ነበሩ፤ በጥር ወር 1934 ዓ.ም. ስለ ፍርድ አስተዳደር የወጣው አዋጅ ፍርድ ቤቶችን በደረጃ ቢያቆምም፥ ጠቅላይ ግዛቱን የሚገዛው ሰው የጠቅላይ ግዛቱን ወንበር እንዲመራ ትቶት ነበርና፥ ሙግተኛው በዳኝነት የተረታውን በአቤቱታ፥ በአቤቱታ የተረታውን በዳኝነት ለመመለስ ይሞክር ነበር። ከሁሉም በላይ የዙፋን ችሎት አለ። በየደረጃው የመጨረሻ የተባለ ፍርድ በንጉሠ ነገሥቱ ፊት እንደገና ሊከፈት ይችል ስለ ነበር፥ «የመጨረሻ» የሚለው ቃል ለጎጃም ሙግተኛ ሙሉ ትርጕም አልነበረውም። ሆኖም የጥንቱ ሥርዓተ ሙግት ልጓም አልነበረውም ማለት አይደለም፤ በበላ ልበልሃው ክርክር ዋስ ሳይጠሩ መቆም፥ ሳይወራረዱም መርታት ስለማይቻል፥ ነገር የሚያበዛ ሰው ውርርዱን እየፈራ ልሳኑን ይሰበስብ ነበር። ዛሬ ያ ፍርሃት የለም፤ በምትኩ የመጣው የዳኝነት ክፍያና ኪሣራም እንደዚያ አያስፈራም።

በ1958 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ወጣ፤ የሕንድን የ1908 እ.ኤ.አ. ሕግ በብዙ ስፍራ የሚመስል ነው። ሕጉ ገና ከገጠሩ ችሎት ሳይዋሐድ በ1960 ዓ.ም. ጎጃም በእርሻ ገቢ ግብር ምክንያት ሲነሣ፥ ሞጣና ዳሞት ከዐመፁ ማዕከሎች መካከል ነበሩ፤ ገበሬው ከግብሩ ይልቅ የፈራው መሬቱ መለካቱን ነበር፥ የተለካ ርስት ነገ የመንግሥት ይሆናል ብሎ ያምን ነበርና። (መሬታችንን አናስለካም ያሉት ሰዎች ልጆች ዛሬ ፎቶግራፋቸው የተለጠፈበትን የይዞታ ደብተር በሣጥን ቈልፈው ማስቀመጣቸውን ሳስብ፥ የዘመኑ ለውጥ ከሕጉ ለውጥ ይልቅ ይደንቀኛል።) የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት ለሕዝብ ሲሆን፥ የመሬት ክርክርም ከመደበኛው ፍርድ ቤት ወጥቶ ለገበሬ ማኅበራት የፍርድ ሸንጎ ሲሰጥ፥ የርስት ሙግት ከነቅድመ አያቶቹ ያከተመ መስሎ ነበር። አላከተመም፤ ስሙን ብቻ ለወጠ። በ1989 ዓ.ም. በአማራ ክልል የተደረገው የመሬት ሽግሽግ «ቢሮክራት» እና «ፊውዳል» ከተባሉት ወስዶ ለሌላው ሲያከፋፍል፥ የተወሰደበትም የተሰጠውም በአንድ ቀበሌ እየኖሩ አንዱ የሌላውን ማሳ በዓይኑ ያርሳል። ከ1995 ዓ.ም. ጀምሮ የይዞታ ማረጋገጫ ደብተር ሲሰጥ ደግሞ በእነዚህ ሁሉ ንብርብሮች ላይ አንድ ተጨመረ፤ በደብተር የሰፈረ ስም።

በብቸና አካባቢ ስሙ የታወቀው የዲማ ጊዮርጊስ ጉባኤ የመጻሕፍትን ትርጓሜ ሲያስተምር፥ መምህሩ አንዱን ንባብ «አንድም እንዲህ፥ አንድም እንዲያ» እያለ ያራቅቀዋል፤ ትርጓሜዎቹም ሳይጣሉ በአንድ ንባብ ሥር አብረው ይኖራሉ። መሬትም በሕግ ዓይን እንደዚያ ብዙ ትርጓሜ አለው፤ አንድም ይዞታ ነው፥ አንድም ውርስ፥ አንድም የባልና ሚስት የጋራ ሀብት፥ አንድም የውል ጉዳይ። ነገር ግን ዳኛ «አንድም» ብሎ መፍረድ አይችልም፤ በሐምሌ ጤፉን የሚዘራው አንድ ሰው ነውና።

እስቲ በምሳሌ እንየው፤ ሰዎቹ የምናብ ናቸው፥ መዝገቦቹ ግን በየወረዳው የሚከፈቱት ዓይነት ናቸው። በእነማይ ወረዳ ሦስት ጥማድ የጤፍ ማሳ ያላቸው ባልና ሚስት ነበሩ፤ ደብተሩ በሁለቱም ስም ነው። ባል ሞተ፤ ሚስቲቱ በሬ ስላልነበራት ማሳውን ለእኩል አራሽ ሰጠች። በሚያዝያ የባልዋ ወንድም «ይህ የአባቴ ድርሻ ነው» ብሎ በሬውን ጠምዶ ገባ፤ እርስዋም በወረዳው ፍርድ ቤት «ሁከት ይወገድልኝ» አለች። ይህ አንደኛው መዝገብ ነው። ሟቹ ከመጀመሪያ ሚስቱ የወለዳት፥ አዲስ አበባ የምትኖር ልጅ ደግሞ የወራሽነት ማረጋገጫ አውጥታ ድርሻዬ ይከፈለኝ አለች፤ ሁለተኛ መዝገብ። እኩል አራሹ ሟቹ ለአምስት ዓመት ያከራየኝ ነው የሚል በእጅ የተጻፈ ውል አወጣ፤ ሦስተኛ። ወንድምየው በበኩሉ ወደ ወረዳው የመሬት አስተዳደር ጽሕፈት ቤት ሄዶ ደብተሩ ይታረምልኝ ብሎ አመለከተ፤ ይህ ፍርድ ቤት የማያውቀው አራተኛ መዝገብ ሆነ። በእርሻው ቀን ዱላ ተነሥቶ ነበርና ፖሊስም የራሱን መዝገብ ከፈተ።

ልብ በሉ፤ ከነዚህ ሰዎች አንዱም አልዋሸም፥ አንዱም በተንኮል ሁለት ጊዜ አልከሰሰም። እያንዳንዱ ሕጉ ባሳየው በር ገባ። ክሱን የጻፈላቸው ከግቢው ውጭ በዛፍ ጥላ ሥር ጠረጴዛ ዘርግቶ የሚቀመጠው ማመልከቻ ጸሐፊም እያንዳንዱን ክስ ለብቻው በትክክል ጻፈው። ሴትዮዋ በቀጠሮዋ ዕለት ወረቀቶቿን ከፌስታል አውጥታ በመዝገብ ቤቱ መስኮት «የእኔ ልጅ፥ የዛሬው የትኛው ነው?» ብትል፥ ልጁ በትሕትና «እናቴ፥ የመዝገብ ቁጥሩን ወይም የተከሳሹን ስም ይንገሩኝ እንጂ፥ በመሬቱ አናውቀውም» ይላታል። የችግሩ ቋጠሮ ያለው በዚህች መልስ ውስጥ ነው፤ እርስዋ የምታውቀው አንድ ማሳ ነው፥ ፍርድ ቤቱ የሚያውቀው ቁጥር ብቻ።

አሁን ወደ መሣሪያዎቹ እንምጣ። የሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 5 በአንድ ጉዳይ ላይ በተመሳሳይ ተከራካሪዎች፥ ወይም መብታቸውን ከእነርሱ ባገኙ ሰዎች መካከል፥ ሥልጣን ባለው ፍርድ ቤት የመጨረሻ ፍርድ ከተሰጠ ተመልሶ እንዳይታይ ይከለክላል፤ ከዚህም አልፎ በፊተኛው ክርክር ሊነሣ ይችል የነበረና ሊነሣም ይገባው የነበረ ነገር እንደ ተነሣና እንደ ተፈረደ ይቈጠራል ይላል። ቁጥር 8 ያልተፈረደውን፥ ገና በሌላ ችሎት የተያዘውን ይመለከታል፤ ፊተኛው ክስ እስኪያልቅ ኋለኛው አይሰማም። ቁጥር 216 ከሳሹ ከአንድ ነገር የሚመነጨውን ጥያቄውን ሁሉ በአንድ ክስ ጠቅልሎ እንዲያቀርብ ያዛል፤ ዛሬ ማሳውን፥ ነገ ምርቱን፥ ከነገ ወዲያ ኪሣራውን እያለ እንዳይቈራርሰው። እነዚህ ሦስቱ የሚዘጉ በሮች ናቸው፤ ተከሳሹም በቁጥር 244 መሠረት በመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያ ያነሣቸዋል።

ሌሎቹ የሚከፈቱ በሮች ናቸው። በቁጥር 11 ተመሳሳይ ጭብጥ ያላቸው መዝገቦች ተጣምረው ይታያሉ፤ በቁጥር 41 ክርክሩ መብቱን የሚነካበት ሰው ጣልቃ ይገባል፤ በቁጥር 43 ተከሳሹ ሦስተኛውን ሰው ወደ ክርክሩ ይጠራል፤ በቁጥር 358 ደግሞ ሳይጠራ የተፈረደበት ሰው ፍርዱ ከመፈጸሙ በፊት መቃወሚያ ያቀርባል።

የሚዘጉት በሮች ሁሉ ጽኑ መስፈርት አላቸው፤ ሰዎቹም ነገሩም አንድ መሆን አለባቸው። ይህ መስፈርት በራሱ ፍትሐዊ ነው፥ ሳይሰማ የተፈረደበት ሰው በማያውቀው ፍርድ ሊታሰር አይገባምና። ነገር ግን የጎጃሙ ማሳ መዝገቦች በመሬት ካልሆነ በቀር በምንም አንድ አይደሉም። ምራት ከወንድምየው፥ ልጅ ከእንጀራ እናት፥ አራሽ ከባለ ደብተር ይከራከራሉ፤ አንዱ ስለ ይዞታ፥ ሌላው ስለ ውርስ፥ ሦስተኛው ስለ ውል ይናገራሉ። ስለዚህ ቁጥር 5 እና ቁጥር 8 ሲፈተሹ «ተከራካሪዎቹ የተለያዩ ናቸው» ወይም «የክሱ ምክንያት የተለየ ነው» ተብሎ መቃወሚያው ይወድቃል፤ በሕጉ አነጋገር ብይኑ ትክክል ነው፥ ውጤቱ ግን ሦስት ዳኞች ስለ አንድ ማሳ በሦስት ክፍል መቀመጣቸው ነው። መቃወሚያው ሲሠራ ደግሞ ሌላ ጉዳት ያስከትላል። የሕንዱ ሕግ ኋለኛውን ክስ ፊተኛው እስኪያልቅ ሲያቆየው፥ በእኛ ዘንድ የተለመደው መዝገቡን ዘግቶ ማሰናበት ነው፤ የተሰናበተው ሰው እንደገና ክስ ያስጽፋል፥ በዚህ መካከል የይርጋው ጊዜ ይሮጣል። የሁከት ክስ የሚፈቀደው ሁከቱ ከተፈጠረ ጀምሮ በሁለት ዓመት ውስጥ ስለሆነ፥ አንድ መዝገብ መዘጋቱ መብቱን እስከ ማጥፋት ሊደርስ ይችላል።

መዝገብ ማጣመር፥ በእኔ አስተያየት፥ ከመሣሪያዎቹ ሁሉ የሚበልጠው ነው፤ ከሁሉም ያነሰ አገልግሎት የሚሰጠውም እርሱ ነው። ዳኛው ማንም ሳይጠይቀው በራሱ አነሣሽነት ሊያዝዘው ይችላል፤ በአንድ ወረዳ ፍርድ ቤት ውስጥ ሲሆን ከአንዱ ችሎት ወደ ሌላው መዝገብ ከማሻገር የበለጠ ድካም የለበትም። ለምን አይደረግም ቢባል፥ አንደኛው ዳኛ የሌላውን መዝገብ አያውቅም፤ ሁለተኛም የዳኛ ሥራ በዘጋው መዝገብ ብዛት በሚለካበት ዘመን፥ ሦስቱን አጣምሮ አንድ ያደረገ ዳኛ ሦስት ሥራ ሠርቶ አንድ ያጽፋል። ሦስተኛ ሰው በማስገባትም በኩል እንዲሁ ነው። ማስገባት ክርክሩን ያረዝማል ተብሎ ይፈራል፤ ያልገባው ሰው ግን በቁጥር 358 ተመልሶ ሲመጣ የሚጠፋው ጊዜ ከዚያ ይበልጣል።

ከሁሉ የሚከብደው የይዞታና የመብት ክርክር መደራረብ ነው። ፈረንሳዊው ሊቅ ሬኔ ዳቪድ አርቅቆት በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕጋችን በቁጥር 1149 ይዞታው የተነካበት ሰው ባለ መብት መሆኑን ሳያስረዳ እንዲመለስለት ይፈቅዳል፤ ተከሳሹ ሊያመልጥ የሚችለው ለሥራው የሚበቃ መብት እንዳለው በአፋጣኝና በማያጠራጥር ሁኔታ ሲያስረዳ ነው። እውነተኛው ባለ መብት ማን ነው የሚለው የመፋለም ክስ በቁጥር 1206 ለብቻው ይመጣል። የሕጉ ጥበብ ግልጽ ነው፤ መጀመሪያ ዱላውን አስጥሎ፥ ኋላ መብቱን ለመመርመር ነው። ስለዚህ የሁከት ፍርድ የመብትን ክርክር አይዘጋም፤ በሁከት የተረታው ሰው ነገ ባለ መብት ነኝ ብሎ ቢመጣ ሁለተኛው ክስ ተደራራቢ ቢመስልም ሕጋዊ ነው። በገጠሩ ችሎት ግን ሁለቱ ይቀላቀላሉ። ዳኛው በሁከት ክስ ደብተር ያስቀርባል፥ የትውልድ ምስክር ይሰማል፥ ጭብጡን ወደ መብት ይጎትተዋል፤ ከዚያ በኋላ የሰጠው ፍርድ ስለ ይዞታ ይሁን ስለ መብት ማንም አያውቀውም፥ ሁለተኛው ክስ ሲመጣም ቁጥር 5 ይሠራ አይሠራ የሚለው ራሱን የቻለ ሌላ ክርክር ይሆናል።

ይህ የይዞታና የመብት መለያየት ምን ያህል ሊራዘም እንደሚችል የሚያሳይ፥ ለኢትዮጵያውያን ቅርብ የሆነ ምሳሌ ከኢየሩሳሌም ይገኛል። በዴር ሱልጣን ገዳም በ1970 እ.ኤ.አ. በትንሣኤ ሌሊት፥ የግብጽ መነኮሳት በትንሣኤው ቤተ ክርስቲያን በጸሎት ላይ ሳሉ፥ የቅዱስ ሚካኤልና የአርባዕቱ እንስሳ ጸሎት ቤቶች የሚገኙበት መተላለፊያ ቁልፍ ተለውጦ ይዞታው ወደ ኢትዮጵያውያን መነኮሳት ተላለፈ። የግብጽ ቤተ ክርስቲያን ለእስራኤል ከፍተኛ የፍትሕ ፍርድ ቤት አቤት ስትል፥ ፍርድ ቤቱ በ1971 እ.ኤ.አ. ይዞታው ወደ ነበረበት እንዲመለስ ወሰነ፤ ነገር ግን የመብቱን ክርክር እንግሊዞች በ1924 እ.ኤ.አ. ስለ ቅዱሳት መካናት ባወጡት ትእዛዝ መሠረት የሚያየው መንግሥት እንጂ ፍርድ ቤት ባለመሆኑ፥ መንግሥት ነገሩን እስኪመረምር የውሳኔው አፈጻጸም ተገታ። መንግሥት ኮሚቴ አቆመ፤ ኮሚቴው የመጨረሻ ውሳኔ ሳይሰጥ ዓመታት በዓመታት ላይ ተደመሩ። የማን ነው የሚለውን ለእያንዳንዱ ቤተ ክርስቲያን ታሪክ ልተወውና፥ ከሥነ ሥርዓቱ በኩል የምናየው ይህን ነው፤ ስለ ይዞታ የተፈረደ ፍርድ አለ፥ ስለ መብት የተጀመረ ምርመራ አለ፥ አንዱ ሌላውን እየጠበቀ ቁልፉ ግን በአንደኛው ወገን እጅ ነው።

ፍርድ ቤትና አስተዳደር ሲደራረቡ የእኛም አገር ታሪክ ከዚህ አይርቅም። በ1967 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 47 ትርፍ ቤቶች ሲወረሱ፥ ከአዋጁ ውጭ ተወሰደብን የሚሉ ሰዎች አቤቱታ በኋላ ዘመን ለፕራይቬታይዜሽን ኤጀንሲ በመሰጠቱ፥ በየከተማው ፍርድ ቤት የተከፈቱ ብዙ ክሶች «ሥልጣን የለንም» በሚል ብይን ቆሙ። በገጠርም የወረዳው ጽሕፈት ቤት ደብተር ይሰጣል፥ ያርማል፥ ይሰርዛል፤ ፍርድ ቤቱ ደግሞ በደብተሩ ላይ የቆመውን መብት ይመረምራል። የክልሉ የመሬት አዋጅ፥ በ1998 ዓ.ም. ቁጥር 133፥ በኋላም በ2009 ዓ.ም. ቁጥር 252፥ ለሁለቱም ስፍራ ሰጥቷል። ደብተር ጠንካራ ማስረጃ ቢሆንም ሊስተባበል የሚችል ማስረጃ ነው፤ ባለጉዳዮች ግን የማይስተባበል አድርገው ያዩታልና፥ በፍርድ ቤት የተረታው ሰው ወደ ጽሕፈት ቤቱ ሄዶ ደብተሩን ለማሳረም ሲሞክር፥ የረታውም ፍርዱን ይዞ ሲመጣ «በእኛ መዝገብ የሰፈረው ሌላ ስም ነው» ይባላል። በእንግሊዝ አገርም የርትዕ ችሎቱና የልማዳዊው ሕግ ፍርድ ቤት እንዲህ ሲጣሉ፥ ንጉሥ ጄምስ በ1616 እ.ኤ.አ. ለርትዕ ችሎቱ ፈረደ፤ ሁለቱ አንድ ፍርድ ቤት እንዲሆኑ ግን እስከ 1870ዎቹ ድረስ ሌላ ከሁለት መቶ ሃምሳ ዓመት በላይ ፈጀ። ትዕግሥት ያስተምራል እንጂ አያጽናናም።

የዕግድ ትእዛዝ ደግሞ በዚህ ሁሉ ላይ የሚጨመር ነው። በቁጥር 154 የሚሰጠው ጊዜያዊ ዕግድ ንብረቱ እንዳለ እንዲቆይ ነው፤ ሆኖም «እንዳለ» ማለት ለጤፍ ማሳ ምን ማለት ነው? ከሚያዝያ እስከ ሰኔ ካልታረሰ፥ በሐምሌ ካልተዘራ፥ እንዳለ የቆየ ማሳ ጦሙን ያደረ ማሳ ነው። አንዱ ችሎት ሴትዮዋ ትረስ ብሎ፥ ሌላው ማንም አይግባ ብሎ ሲያዝ፥ የቀበሌው ሚሊሺያ የደረሰውን የመጨረሻ ወረቀት ይፈጽማል። ክረምቱ ሲገባም ፍርድ ቤት ለዕረፍት ይዘጋል፤ ስለዚህ በተግባር የዓመቱን ክርክር የሚወስነው የመጀመሪያውን ትልም ያወጣው ነው። ዕግድ የሚሰጥ ዳኛ የጤፉን ወቅት ከመዝገቡ እኩል ሊያነብ ይገባዋል፤ ምርቱ በገለልተኛ እጅ እንዲቀመጥ ወይም አራሹ ድርሻውን በዋስ እንዲያስይዝ ማዘዝ እየተቻለ፥ «አይታረስ» ማለት ሁለቱንም ወገን መቅጣት ነው።

ስለ ወንጀሉ መዝገብ ጥቂት ቃል ይበቃል። የፍትሐ ብሔሩ ዳኛ በወንጀል ነጻ መውጣት አይታሰርም፤ ይህ በፍትሐ ብሔር ሕጉ በቁጥር 2149 ተጽፏል። ሆኖም በየወረዳው የወንጀል ክስ የመሬት ሙግት መሣሪያ ሆኖ ሲያገለግል ይታያል፤ አንዱ ወገን ሌላውን በእርሻ ወቅት በጣቢያ ካሳደረው ማሳው የእርሱ ሆነ ማለት ነው።

በእነማዩ ምሳሌ የሁከቱና የውርሱ መዝገቦች በየራሳቸው መንገድ ሲወጡ የሚሆነውንም ማየት ያስፈልጋል። የሁከቱ መዝገብ ከወረዳ ወደ ዞኑ ከፍተኛ ፍርድ ቤት በይግባኝ ሄዶ ይጸናል፤ የውርሱ መዝገብ በሌላ ችሎት ተሽሮ፥ በባሕር ዳር ሰበር ታይቶ፥ ወደ ፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሰበር ሰሚ ችሎት ይደርሳል። ከ1997 ዓ.ም. አዋጅ ቁጥር 454 ጀምሮ፥ በኋላም በ2013 ዓ.ም. በወጣው አዋጅ ቁጥር 1234፥ ቁጥራቸው ከአምስት የማያንስ ዳኞች የሰጡት የሕግ ትርጕም በየደረጃው ያሉትን ፍርድ ቤቶች ስለሚያስገድድ፥ ስለ ቁጥር 5፥ ስለ ቁጥር 1149 እና ስለ ደብተሩ ኀይል የነበረው የተለያየ አሳብ ቀስ በቀስ እየጠበበ መጥቷል፤ ይህ ታላቅ ጥቅም ነው። ነገር ግን ሰበር የሚያርመው የሕግ ስሕተትን ነው። ሁለት ፍርዶች እያንዳንዳቸው በሕግ ትክክል ሆነው ስለ አንድ ማሳ ሲጋጩ፥ ነገሩ የሚወድቀው በአፈጻጸም ችሎት ላይ ነው፤ የአፈጻጸም ዳኛ ደግሞ ፍርድን ይፈጽማል እንጂ አይለውጥም። ስለዚህ ማን ቀድሞ ያስፈጽም የሚል ሩጫ ይጀመራል። የቁጥር 358 መቃወሚያ ከአፈጻጸም በፊት መቅረብ ስላለበት፥ አዲስ አበባ የምትኖረው ልጅ ፍርዱን የምትሰማው ማሳው ከተሰጠ በኋላ ከሆነ ሌላ አዲስ ክስ ከማስጻፍ በቀር መንገድ አይቀርላትም፤ ስድስተኛው መዝገብ እንዲህ ይወለዳል።

የማይንቀሳቀስ ንብረት ክስ ንብረቱ ባለበት ስፍራ ይታያል የሚለው ደንብ ከመደራረብ ይጠብቃል ተብሎ ይታሰባል፤ በእርግጥም ከአንድ ነገር ይጠብቃል። ከዓባይ ማዶ በእስቴ ወይም በሳይንት የሚኖር ሰው በሞጣ በኩል ያለውን መሬት በራሱ አገር ዳኛ ፊት ሊጠይቅ አይችልም። ሞጣን ከበጌምድር የሚያገናኘው፥ በዐፄ ፋሲል ዘመን የተሠራው የድንጋይ ድልድይ ከተሰበረ በኋላ ሕዝቡ ለረጅም ዘመን በገመድ እየተሻገረ ለጋብቻም ለገበያም ሲመላለስ ኖሯልና፥ ከወንዙ ወዲያና ወዲህ የተዋለደው ሁሉ የውርስ ጥያቄ አለው። ደንቡ ግን መሬቱን እንጂ ሰውየውን አያስርም፤ የወራሽነት ማረጋገጫው ከአንድ ፍርድ ቤት፥ የፍቺው ንብረት ክፍፍል ከሌላ፥ የመሬቱ ክስ ከሦስተኛው ይወጣል። የወራሽነት ማረጋገጫ ተቃራኒ ማስረጃ ሲቀርብ ሊሰረዝ የሚችል ሆኖ ሳለ፥ በገጠሩ እንደ መጨረሻ ፍርድ ስለሚታይ ይህ የተለያየ አመጣጥ ብዙ ሰው ያሳስታል።

ሽማግሌዎች ከዳኞች የሚበልጡበት አንድ ነገር አለ፤ በዛፍ ሥር ሲቀመጡ ምራትንም፥ ወንድምንም፥ ልጅንም፥ አራሽንም በአንድ ቀን ያስቀምጣሉ። ሕጉም ይህን አልናቀም፤ በፍርድ ቤት የቀረበ ዕርቅ ተመዝግቦ እንደ ፍርድ ይፈጸማል፥ የፌዴራሉ የገጠር መሬት አዋጅም በ1997 ዓ.ም. ቁጥር 456 በነበረበት ጊዜ ክርክር አስቀድሞ በመነጋገር እንዲያልቅ ያበረታታ ነበር። ጉድለታቸውን ግን ልንሸፍን አይገባም። በሽማግሌ ፊት ሴት፥ በተለይም ባልዋ የሞተባት ሴት፥ ድምፅዋ ያንሳል፤ ዕርቁም በአንድ ገጽ ተጽፎ ለመዝገቦቹ ሁሉ ሳይነገር ይቀራል፥ አንዱን መዝገብ ዘግቶ አራቱን ክፍት ይተዋል። የታረቁ ሰዎች ከዓመት በኋላ በቀጠሮ ሲጠሩ ማየት በብቸናም በሞጣም እንግዳ ነገር አይደለም።

መዝገብን ከመዝገብ የሚያገናኝ ክር ግን አለ፤ የሁለተኛ ደረጃ የይዞታ ማረጋገጫ በተሰጠባቸው ቀበሌዎች እያንዳንዱ ማሳ ካርታና የራሱ መለያ ቁጥር አለው። ይህ ቁጥር በክስ ማመልከቻው ራስጌ ላይ እንዲጻፍ ቢታዘዝ፥ መዝገብ ቤቱም ክስ ሲቀበል በስም ብቻ ሳይሆን በማሳውም ቁጥር ቢፈልግ፥ የእነማይዋ ሴት አምስቱ መዝገቦች በመጀመሪያው ቀን ይገናኙ ነበር፤ ዳኛውም በቁጥር 11 ማጣመር፥ በቁጥር 41 እና በቁጥር 43 ሰዎቹን ወደ ክርክሩ ማስገባት፥ ለመሬት ጽሕፈት ቤቱም ክርክሩ እስኪያልቅ ስም እንዳይለውጥ መጻፍ ይችል ነበር። አዲስ አዋጅ አያስፈልገውም፤ የሥነ ሥርዓት ሕጉ ከ1958 ዓ.ም. ጀምሮ ይህን ሁሉ ይፈቅዳል። የሚያስፈልገው በሁለት መሥሪያ ቤቶች መካከል የሚሄድ አንድ መዝገብ ነው። የሁለተኛ ደረጃው ማረጋገጫ ገና ባልደረሰባቸው ማሳዎች ላይ ግን ቁጥር ስለሌለ፥ እዚያ ዳኛው ማሳውን የሚለየው በጥንቱ መንገድ ነው፤ በምሥራቅ እገሌ፥ በምዕራብ መንገድ፥ በሰሜን ወንዝ፥ በደቡብ የእገሊት ይዞታ ብሎ በአዋሳኝ፥ አዋሳኞቹም ብዙ ጊዜ ራሳቸው በሌላ መዝገብ ተከራካሪዎች ናቸው።